የሜክሲኮ ፎሶሊያ በጣና ዳር

ከትምህርት ወጥቶ ለመጀመሪያ ጊዜ ወደ ባሕር ዳር የተመደበ ወጣት ስለ ከተማዪቱ ብዙ ሰምቶ ይመጣል። የዘንባባው ጥላ፣ የጣና ንፋስ፣ የጢስ ዐባይ ድምፅ፣ የደሴቶቹ ገዳማት ሁሉ እንደ ተባለው ሆነው ያገኛቸዋል። ማንም ያልነገረው ነገር ቢኖር፣ ማታ ከሥራ ወጥቶ ወደ ተከራያት አንዲት ክፍል ሲገባ ምን እንደሚበላ ነው።

በወሩ መጀመሪያ ሳምንት ችግር የለም። ደመወዝ በኪስ ነው፤ የጣና ዓሣ ተጠብሶ ይቀርባል፤ ጓደኛም ይጋበዛል። በሁለተኛው ሳምንት ምግብ ቤት መግባት በቀን ከሁለት ጊዜ ወደ አንድ ጊዜ ይወርዳል። በሦስተኛው ሽሮ ይጀመራል። በአራተኛው ዳቦና ሻይ ቁርስም፣ ምሳም፣ እራትም ሆነው ይሾማሉ። ረቡዕና ዓርብ ከአጽዋማቱ ጋር ሲቆጠሩ ደግሞ የዓመቱ ግማሽ ያህል ጾም ስለ ሆነ፣ ወንደላጤው ከሽሮ ጋር የሚገባው ቃል ኪዳን ከጋብቻ የጠበቀ ይሆናል። ሽሮን መንቀፌ አይደለም፤ ሽሮ የሁላችንም ባለውለታ ነው። ነገር ግን ሰው አትክልት ሳይቀምስ ወር ከወር የከረመ እንደ ሆነ ሰውነቱ ይመሰክርበታል፤ ከምሳ በኋላ በጠረጴዛው ላይ የሚያንጐላጀውና ሆዱ ደርቆበት የሚነጫነጨው ወጣት ሠራተኛ ሁልጊዜ ሥራ የጠላ ሰነፍ አይደለም። ብዙ ጊዜ በደንብ ያልበላ ሰው ነው።

ስለዚህ ዛሬ የማቀርበው ነገር ከፍልስፍናም ከፖለቲካም የራቀ ነው። በአንድ ድስትና በአንድ መጥበሻ፣ ከግማሽ ሰዓት እምብዛም በማይበልጥ ጊዜ፣ በጾምም በፍስክም የሚበላ የፎሶሊያ ምግብ ነው። አሠራሩ የሜክሲኮ ሰዎች ነው። የሚያስፈልገው ዕቃ ግን አንድም ሳይቀር በባሕር ዳር ገበያ ስለሚገኝ፣ ሜክሲኮን በሩቁ አይፍሩት።

አስቀድሞ ስለ ራሱ ስለ ፎሶሊያ ጥቂት ልበል፤ ይህ አትክልት በአገራችን ተበድሏልና። በየቤቱና በየሆቴሉ ፎሶሊያ የሚሠራበት ደንብ የታወቀ ነው። ከካሮት ጋር ይከተፋል፤ በሽንኩርትና በዘይት ላይ ይጣላል፤ ውኃ ይፈስበታል፤ ድስቱ ይከደናል፤ ከዚያ በኋላ ይረሳል። አንድ ሰዓት ቆይቶ ሲከፈት አረንጓዴው የወታደር ካኪ መስሎ፣ ሲነኩት የሚፈርስ፣ ሲያኝኩት ምንም የማይመስል ነገር ሆኖ ይገኛል። ሰውም «ፎሶሊያ አልወድም» ይላል። እውነቱን ለመናገር ያልወደደው ፎሶሊያን ሳይሆን የፎሶሊያን አስከሬን ነው።

በአንድ ቅዳሜ ገበያ ላይ ፎሶሊያ በመደብ በመደብ ደርድረው ከተቀመጡ አንዲት እናት ዘንድ ቆሜ ሁለት መደብ እንዲሰጡኝ ጠየቅሁ።

«ምን ልትሠራበት ነው ልጄ? የታመመ ሰው አለብህ?» አሉኝ።

«ኧረ የለብኝም እናቴ፤ ለራሴ ነው» አልሁ።

«ሚስት የለህም?»

«ገና ነኝ።»

«እንግዲያስ ቶሎ አግባ!» ብለው ስቀው አንድ እፍኝ መረቁልኝ።

በኒህ እናት ንግግር ውስጥ ሁለት ሐሳብ አለ። አንደኛው ፎሶሊያ የሕመምተኛ ወይም የሆቴል ምግብ ነው የሚለው ሲሆን፣ ሁለተኛው ወንድ ልጅ ድስት የሚጥደው ሚስት እስኪያገኝ ድረስ ነው የሚለው ነው። የመጀመሪያውን ከዚህ በታች የተጻፈው አሠራር ይመልስልኛል ብዬ ተስፋ አደርጋለሁ። ስለ ሁለተኛው ግን አንድ ቃል ብቻ ልናገር። ዲግሪ ይዞ፣ ሪፖርት ጽፎ፣ በጀት ተቆጣጥሮ፣ ሽንኩርት ሲከትፍ ሰው እንዳያየው በሩን የሚዘጋ ወጣት አውቃለሁ። ማጀት መግባት ውርደት የሚመስለው ሰው በየወሩ መጨረሻ ገንዘብ ለመበደር ሲዞር ግን ውርደት አይመስለውም። ይህ እንግዳ ሒሳብ ነው።

አሁን ወደ ሜክሲኮ እንሂድ።

ብዙዎቻችን ሜክሲኮ ሲባል ወደ ሐሳባችን የሚመጣው በአዲስ አበባ ያለው አደባባይ፣ ከዚያም የታክሲ ረዳት ጩኸት ነው። አደባባዩ ስሙን ያገኘው በከንቱ አይደለም። በ1928 ዓ. ም. ኢጣሊያ አገራችንን በወረረች ጊዜ ታላላቅ የተባሉት መንግሥታት አንዱ ከአንዱ እየተከተሉ ወረራውን ሲቀበሉ፣ አንቀበልም ብለው ከጸኑት ጥቂት አገሮች አንዷ በፕሬዚዳንት ላዛሮ ካርዴናስ የምትመራው ሜክሲኮ ነበረች። ዐፄ ኃይለ ሥላሴም በ1946 ዓ. ም. ሜክሲኮን ጐብኝተዋል። በሜክሲኮ ከተማም በኢትዮጵያ ስም የተሰየመ አደባባይ አለ፤ በ1972 ዓ. ም. የተከፈተው የምድር ውስጥ ባቡር ጣቢያም ይህንኑ ስም ይዟል፤ የጣቢያው ምልክት የአንበሳ ራስ ነው። ማንበብ የማይችል መንገደኛ እንኳ አንበሳውን አይቶ ኢትዮጵያ መድረሱን ያውቃል ማለት ነው።

ነገር ግን ከአደባባዩ ይልቅ ወደ ማጀታችን የሚቀርብ ዝምድና አለ። በጎጃም አደንጓሬ፣ በሌላውም ስፍራ ቦሎቄ የምንለው እህልና ፎሶሊያ አንድ ተክል ናቸው። ልዩነታቸው ፎሶሊያ ፍሬው ሳይጠና ከነቆቡ ስለሚለቀም ብቻ ነው። ይህ ተክል ከጥንት ጀምሮ በሰው እጅ የለማው በሜክሲኮና በአካባቢዋ፣ እንዲሁም ለብቻው በደቡብ አሜሪካ ተራሮች ነው። ኮሎምቦስ በአውሮፓውያን አቆጣጠር በ1492 ወደዚያ ከመድረሱ በፊት አውሮፓም እስያም አፍሪካም አያውቁትም ነበር። ወደ አውሮፓ በመጣ ጊዜ ሮማውያን ቀድሞ ለሌላ የባቄላ ዓይነት የሰጡትን «ፋሴሉስ» የሚባል ስም ወረሰ፤ ግሪኩ «ፋሶሊያ»፣ ዐረቡ «ፋሱልያ» አለው፤ እኛም ፎሶሊያ አልነው። የመጀመሪያዎቹ ባለቤቶቹ ግን በናዋትል ቋንቋ «ኤሾትል» ይሉት ነበር፤ የዛሬዎቹ ሜክሲኮዎችም ከዚሁ ቃል አውጥተው «ኤሆቴ» ይሉታል።

ዘመዱ ብዙ ነው። ቲማቲም የሚለው ቃል ራሱ «ቶማትል» ከሚለው ከዚያው ከናዋትል የመጣ ነው፤ አቮካዶም እንዲሁ «አዋካትል» ነበረ። ቃሪያና በርበሬ፣ ዱባ፣ በቆሎ ሁሉ ከዚያ ወገን ናቸው። የእኛ ሰዎች በቆሎን «የባሕር ማሽላ» ብለው የጠሩት መንገዱን ስላወቁ ነው፤ ስሙ ራሱ ከባሕር ማዶ የመጣ መሆኑን ይናገራል። በርበሬ ወደ አገራችን የገባው በፖርቱጋሎች ዘመን በሕንድ ውቅያኖስ ንግድ በኩል ሳይሆን እንደማይቀር ይገመታል። በርበሬ ባልነበረበት ዘመን ወጥ ምን ይመስል እንደ ነበረ ሳስበው ይገርመኛል። ቡሬና ጃቢ ጠህናን በበርበሬያቸው በሚታወቁበት በጎጃም ምድር፣ ይህ ተክል የባሕር ማዶ እንግዳ ነው ብሎ መናገር ድፍረት ይመስላል፤ እውነቱ ግን እንዲሁ ነው።

እኛም ባዶ እጃችንን አልቀረንም። በደቡብ ሜክሲኮ ተራሮች በቺያፓስ የሚለማው ቡና የኢትዮጵያ ዘር ነው፤ በዘጌ ደን ጥላ ሥር ከሚበቅለው ቡና ጋር አንድ ዘመድ ነው። እንግዲህ እነርሱ ፎሶሊያና ቃሪያ ሰጡን፤ እኛ ቡና ሰጠናቸው። ምሳውን ከእነርሱ፣ ከምሳ በኋላ የሚጠጣውን ከእኛ ነው ማለት ነው።

በሜክሲኮ ገጠር አንዱ ማሳ ላይ በቆሎ፣ ባቄላና ዱባ ተደባልቀው ይዘራሉ፤ እርሻው «ሚልፓ» ይባላል። በቆሎው ለባቄላው ሐረግ ምሰሶ ይሆናል፤ የባቄላው ሥር ከአየር ናይትሮጅን እየሳበ መሬቱን ያዳብራል፤ የዱባው ቅጠል መሬቱን ሸፍኖ እርጥበት ያቆያል፤ አረምንም ይከለክላል። ይህን ያነበበ የጎጃም ልጅ «ይህማ የእናቴ ጓሮ ነው» ማለቱ አይቀርም። በቆሎው ሥር ዱባ የሚሳብበት፣ በአገዳው ላይ አደንጓሬ የሚጠመጠምበት ጓሮ ማንም የማያውቀው የለም።

የማጀቱ ዕቃ ደግሞ ከዚህ ይበልጥ ያስደንቃል። የሜክሲኮ ሴቶች ቂጣቸውን የሚጋግሩበት ከሸክላ የተሠራ ጠፍጣፋ ዕቃ «ኮማል» ይባላል፤ የእኛ ምጣድ ነው። በቆሎ የሚፈጩበት ደንጊያ «ሜታቴ» ይባላል፤ ተንበርክከው በሌላ ድንጋይ ወደ ፊትና ወደ ኋላ ይገፉታል፤ ይህም ወፍጮና መጅ ነው። ቃሪያና ቲማቲም የሚወቅጡበት የድንጋይ ዕቃ «ሞልካሄቴ» ነው፤ ይህም ከሙቀጫችን ወገን ነው። ሁለቱ ሕዝቦች በመካከላቸው ሁለት አህጉርና አንድ ውቅያኖስ ሳለ አንድ ዓይነት ማጀት አቆሙ።

እንግዲህ ምግቡ «ኤሆቴ በሜክሲኮ ደንብ» ይባላል። በእነርሱ አገር አንድ ምግብ «በሜክሲኮ ደንብ» ተሠራ ሲባል ቀይ ሽንኩርት፣ ቲማቲምና ቃሪያ ገባበት ማለት ነው። ምክንያቱም ሽንኩርታቸው ነጭ ነው፤ ቲማቲሙ ቀይ፣ ቃሪያው አረንጓዴ ነው፤ ሦስቱም የሰንደቅ ዓላማቸው ቀለሞች ናቸው። እኛ ይህንኑ ሦስት ነገር ከትፈን፣ ሎሚ ጨምቀን፣ የቲማቲም ሰላጣ እንለዋለን። እንግዲህ ሳናውቀው ስንት ዓመት ሙሉ ሜክሲኮኛ ስንበላ ኖረናል።

ለሦስት ወይም ለአራት ሰው የሚበቃው ይህ ነው፤ ፎሶሊያ ግማሽ ኪሎ፣ መካከለኛ ቲማቲም ሦስት፣ ቀይ ሽንኩርት አንድ፣ ነጭ ሽንኩርት ሦስት ፍልቃቂ፣ ቃሪያ ሁለት፣ ዘይት ሦስት የሾርባ ማንኪያ፣ ከሙን ግማሽ የሻይ ማንኪያ፣ ሎሚ ግማሽ፣ ጨው እንደ ፍላጎት። ዘይቱ የኑግ ቢሆን ይሻላል፤ ሜክሲኮ ኑግ የላትም፤ እኛ ግን አለን፤ ከቲማቲም ጋርም ይስማማል። ከሙን ሲገዙ ነጭ አዝሙድ እንዳይሰጡዎት ይጠንቀቁ፤ ሁለቱ የተለያዩ ናቸው። ከሙን ያጣ ሰው ድንብላል አመስ አድርጎ ይውቀጥበት፤ ሜክሲኮዎች የድንብላሉን ቅጠል ይነሰንሱበታል፤ እኛ ፍሬውን ለምደናል። ቅጠሉን ያገኘ ሁለቱንም ይጠቀም።

ፎሶሊያ ሲመርጡ አንዱን አንሥተው ይስበሩት። ቀጭ ብሎ ከተሰበረ ዛሬ ወይም ትናንት የተለቀመ ነው፤ እንደ ገመድ ከታጠፈ ይተዉት። ቆቡ ላይ ፍሬው አብጦ የሚታየው አርጅቷል፤ እርሱ ወደ አደንጓሬነት ጕዞ የጀመረ ስለ ሆነ ለዚህ ሥራ አይሆንም። ሁለቱን ጫፍ ቀንጥሰው፣ ክር ካለው ክሩን መዝዘው፣ እያንዳንዱን ለሁለት ወይም ለሦስት ይቍረጡት። እንደ ጎመን ማድቀቅ አያስፈልግም።

ከዚህ በኋላ ያለው ዋና ምሥጢር ፎሶሊያውና ቲማቲሙ ከመጀመሪያው አንድ ላይ አለመግባታቸው ነው። ቲማቲም ኮምጣጣነት አለው፤ ኮምጣጣ ነገር ደግሞ የአትክልቱን ሥጋ አያይዞ የሚይዘውን ነገር ያጠነክረዋል፤ ስለዚህ ጥሬው ፎሶሊያ በቲማቲም ውስጥ የተጣደ እንደ ሆነ ቶሎ አይለሰልስም። ሠሪውም አልበሰለም እያለ እሳቱን ያቆየዋል፤ በዚህ መካከል አረንጓዴው ቀለም ይጠፋል። ቀለሙ የሚጠፋበት ምክንያትም ይኸው ነው። የቅጠል አረንጓዴ ቀለም በመካከሉ ማግኔዥየም የሚባል ንጥረ ነገር ይዟል፤ ሙቀትና አሲድ ለረጅም ጊዜ ሲያገኙት ማግኔዥየሙ ይወጣና ቀለሙ ወደ ቡናማ ይለወጣል። የካኪው ታሪክ ይህ ነው።

ስለዚህ በትልቅ ድስት ብዙ ውኃ ይጣዱ። ጨው ይጨምሩበት። ውኃው ሲንተከተክ ፎሶሊያውን ይጨምሩና ድስቱን ሳይከድኑ ከሰባት እስከ ስምንት ደቂቃ ያፍሉት። ክዳን የማይደረገው ከአትክልቱ የሚወጣው አሲድ ከእንፋሎቱ ጋር እንዲሄድ ነው። የውጭ አገር የምግብ መጻሕፍት አምስት ደቂቃ ይበቃል ቢሉ አይመኑ። ባሕር ዳር ከባሕር ወለል በላይ 1,800 ሜትር ያህል ከፍ ብላ ስለምትገኝ ውኃ የሚፈላው በ100 ዲግሪ ሳይሆን በ94 ዲግሪ አካባቢ ነው፤ ስለዚህ አንድ ሁለት ደቂቃ መጨመር ግድ ይሆናል። አንዳንዶች ቀለሙን ለመጠበቅ ሶዳ ይጨምራሉ። ቀለሙ እውነትም ያምራል፤ ነገር ግን አትክልቱ ይላሽቃል፤ ቪታሚኑም ይጠፋል፤ ስለዚህ አልመክርም። ፎሶሊያን ጥሬውን መብላትም ደግ አይደለም፤ የባቄላ ወገን ሁሉ ጥሬው ሆድ የሚያውክ ነገር ስላለው መፍላት አለበት። በደረቀው ቀይ ቦሎቄ ላይ ይህ ነገር እጅግ የበዛ ስለ ሆነ፣ እርሱን አሳድሮ ዘፍዝፎ፣ ውኃውን ደፍቶ፣ በአዲስ ውኃ ደኅና አድርጎ መቀቀል ያስፈልጋል።

ፎሶሊያው ሲበስል አጥልለው ወዲያው ቀዝቃዛ ውኃ ያፍስሱበት። በራሱ ሙቀት ማብሰሉን እንዲያቆም ነው።

ውኃው በሚፈላበት ጊዜ እጅዎን ሥራ አያስፈቱት። ምጣድ ወይም ደረቅ መጥበሻ እሳት ላይ ያድርጉና ቲማቲሙን፣ ቃሪያውን፣ ነጭ ሽንኩርቱን ከነልጣጩ ያለ ዘይት ያስቀምጡበት። ከሰል ካለ በከሰሉ ላይ ቢያደርጉትም ይሆናል። እያገላበጡ ቆዳቸው እዚህም እዚያም ጠቈር እስኪል ድረስ ይጥበሱ። ሜክሲኮዎች በኮማላቸው የሚያደርጉት ይህንኑ ነው፤ የምግቡም ጣዕም ከዚህ ጥቁረት ይመጣል። ይህን ክፍል ዘልሎ ቲማቲሙን ጥሬውን የሚከትፍ ሰው የሚያገኘው የለመድነውን የቲማቲም ስልስ ነው፤ ክፉ አይደለም፤ ግን ሌላ ነገር ነው። የነጭ ሽንኩርቱን ልጣጭ አንሥተው ሁሉንም በሙቀጫ ይውቀጡ። ሙቀጫ ያጣ ወንደላጤ በሳሕን ላይ በሹካ ይፍጨው። ሊጥ እስኪሆን ማድቀቅ አያስፈልግም። ቃሪያው ኃይለኛ ከሆነብዎ ፍሬውን ብቻ ሳይሆን ፍሬው የተያያዘበትን ነጩን ጅማት ያውጡ፤ የሚያቃጥለው ነገር በብዛት የሚቀመጠው እዚያ ነው።

በመጥበሻ ዘይቱን ያግሉ። ደቀቅ ተደርጎ የተከተፈውን ቀይ ሽንኩርት ይጨምሩና እስኪለሰልስ ያቁላሉት። እንደ ዶሮ ወጥ ሽንኩርት ሰዓት ሙሉ አይፈልግም፤ አራት ደቂቃ ይበቃዋል። ከሙኑን ይጨምሩ፤ ሽታው ሲነሣ የተወቀጠውን ቲማቲም ይመልሱበት። አምስት ደቂቃ ያህል ሲንፈቀፈቅ ውኃው ይመጥና ዘይቱ ከዳር ዳር ብቅ ይላል። በዚህን ጊዜ ፎሶሊያውን ይጨምሩ፤ አገላብጠው ሦስት ወይም አራት ደቂቃ ብቻ ያቆዩት። ጨው ይቅመሱ። እሳቱን ያጥፉ፤ ሎሚውን ከዚህ በኋላ ይጭመቁበት እንጂ አስቀድመው እንዳይሆን፤ ምክንያቱን ከላይ ገልጫለሁ። ከዘጌ የሚመጣ ሎሚ ያገኘ ሰው ዕድለኛ ነው፤ ትንሽ ቢሆንም ውኃውና ሽታው ብዙ ነው።

የሜክሲኮ ሰዎች ይህን ከጐን የሚቀርብ ምግብ ያደርጉታል፤ ብቻውን እራት አይሉትም። ይህ ትክክል ነው። አንዳንድ ጋዜጣና መጽሔት ፎሶሊያ ሥጋን ይተካል እያለ ሲጽፍ አይቻለሁ፤ አይተካም። በ100 ግራም ፎሶሊያ ውስጥ ያለው ፕሮቲን ወደ 2 ግራም ቢደርስ ነው፤ ደረቁ አደንጓሬ ግን ከ20 ግራም በላይ አለው። የፎሶሊያ ጥቅሙ ሌላ ነው፤ ቪታሚን አለው፤ ሆድን የሚያላላ ቃጫ አለው፤ በገበታው ላይ ቀለምና መዓዛ ያመጣል። ስለዚህ በጾም ቀን ከምስር ወይም ከሽሮ ጐን ይሁን። ከዚህ በላይ ሽሮን ባለውለታ ብዬዋለሁ፤ አሁንም ከገበታው አላወረድሁትም፤ ባልንጀራ ሰጠሁት እንጂ። በፎገራ ሩዝ ላይ ቢፈስም እጅግ ይስማማል። ዓሣ ለሚበሉ ሰዎች ደግሞ የጣና ቀረሶ ተጠብሶ ይህ ከጐኑ ሲቀመጥ፣ ሌላ ምግብ ቤት ፍለጋ መሄድ ያስጠላል።

በፍስክ ቀን ሜክሲኮዎች በላዩ ላይ ነጭ ለስላሳ አይባቸውን ፈርፍረው ይነሰንሱበታል። የእኛ አይብ ከዚህ የተለየ አይደለም። ትኩሱ ፎሶሊያ፣ በላዩ ቀዝቃዛው አይብ፣ ጥቂት ሎሚ፤ ይህን እንግዳ ፊት ማቅረብ ያሳፍራል የሚል ሰው ቢኖር ቀምሶ ይንገረኝ።

ስለ በቆሎ አንድ ነገር ሳልጨምር ማለፍ አልችልም። በቆሎ በጎጃም ቤት እንጀራም፣ ቂጣም፣ እሸትም ነው። የሜክሲኮ ሰዎች ግን በቆሎን እንዲሁ አይፈጩትም፤ አስቀድመው በኖራ ውኃ ቀቅለው ያሳድሩታል፤ ከዚያ ቆዳውን አሽተው አጥበው ይፈጩታል። ይህን ማድረጋቸው በቆሎው ውስጥ ታስሮ የነበረውን ኒያሲን የሚባል ቪታሚን ይፈታዋል። አውሮፓውያን በቆሎውን ወሰዱ፤ አሠራሩን ግን ሳይጠይቁ ተዉት፤ በዚህም ምክንያት በቆሎ ብቻ በሚበላባቸው አገሮች በኢጣሊያም በአሜሪካም ፔላግራ የተባለ ቆዳን የሚያቈስል፣ አእምሮንም የሚነካ በሽታ ብዙ ሰው ገደለ። ምክንያቱ የታወቀው በ20ኛው መቶ ዓመት ነው። ከሩቅ አገር አንድ እህል ሲመጣ የአያቶቹን ምክር ይዞ ቢመጣ ኖሮ ይህ ሁሉ ባልሆነ ነበር። ባቄላና አደንጓሬ ከበቆሎ ጋር የሚበሉበትም ምክንያት ከዚህ ሩቅ አይደለም፤ አንዱ የጐደለውን ፕሮቲን ሌላው ይሞላዋል።

ወደ ገበያው እንመለስ። ፎሶሊያ በአገራችን በብዛት የሚለማው በስምጥ ሸለቆ፣ በመቂ፣ በዝዋይና በቆቃ አካባቢ ሲሆን ለአውሮፓ ገበያም ይላካል። ጣና ግን ውኃው በእጁ ነው። ከባሕር ዳር 35 ኪሎ ሜትር ያህል ርቃ ከምትገኘው ከመርዓዊ አጠገብ ያለው የቆጋ ግድብ 7,000 ሄክታር ያህል መሬት እንዲያጠጣ ታስቦ የተሠራ ነው፤ በስተምሥራቅ ያለው የፎገራ ሜዳም በርብና በጉማራ ውኃ በበጋ ቲማቲምና ሽንኩርት ያመርታል። በእነዚህ ስፍራዎች ቲማቲሙ በአንድ ጊዜ ደርሶ ገበያውን ሲያጥለቀልቅ ዋጋው ይወድቃል፤ ገበሬው ለማጓጓዣ እንኳ ሳይበቃው ይቀራል። ከተሜው ደግሞ በዚያው ሳምንት ዳቦ በሻይ ይበላል። ገበሬው ሰው የማይበላውን አይተክልም፤ ሰውም መሥራት የማያውቀውን አይበላም። በባሕር ዳር ብቻ ስንት ሺህ ተማሪና ስንት ወጣት ሠራተኛ በየክፍሉ ድስት እንደሚጥድ አስቡት፤ እነዚህ ሁሉ በሳምንት አንድ ቀን ግማሽ ኪሎ ፎሶሊያና ሦስት ቲማቲም ቢገዙ፣ በገበያው ላይ የማይታይ ለውጥ አይደለም።

የተረፈውን በሚመለከት ደግሞ፣ ማቀዝቀዣ ያለው ሰው ከድኖ እስከ ሁለት ቀን ያቆየው። ማቀዝቀዣ የሌለው ግን የባሕር ዳርን ሙቀት እያሰበ ለራሱ የሚበቃውን ብቻ ይሥራ፤ ግማሽ ኪሎ ለአንድ ሰው ስለሚበዛ ጐረቤቱን ይጥራ። በማቀዝቀዣ ያደረውን ጧት ከእንቁላል ጋር በመጥበሻ ቢያገላብጡትና በትኩስ ዳቦ ውስጥ ቢያስገቡት፣ ቢሮ እስኪገቡ ድረስ ሌላ ቁርስ አያስፈልግዎትም፤ ሻዩ ብቻ ይቀራል።